ፋለንቲን ነው፤ ቫለንቲን አይደለም
(ሙኒክ ለሚኖሩ ኢትዮጵያውያን በባህል ምሽት የቀረበ ንግግር)

የተከበራችሁ አባቶቼና እናቶቼ፣ እህት ወንድሞቼ፣ እንደምን አመሻችሁ።

አዘጋጆቹ «ስለ ጀርመን ባህል የሆነ ነገር በለን» ሲሉኝ ስለ ጎተ ወይም ስለ ቤትሆቨን የማወራ መስሏቸው ነበር። ይቅርታ አድርጉልኝ። እኔ ይዤላችሁ የመጣሁት አፍንጫው የረዘመ፣ ከስቶ አጥንቱ የቀረ፣ አስም ያለበት፣ ጉዞ የሚፈራ የዚህ ከተማ ቀልደኛ ነው። ካርል ፋለንቲን ይባላል። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጠራው። እዚህ አገር ስንኖር የለመድነው እሱን ነው።

መጀመሪያ ስሙን እናስተካክል። በላቲን ሲጻፍ ጀርመኖች «ፋው» በሚሏት ፊደል ይጀምራል። ብዙ ሰው ታዲያ «ቫለንቲን» ይለዋል። ሰውየው በዚህ በጣም ነበር የሚናደደው። አባት የሚለው የጀርመን ቃልም በዚያችው ፊደል ይጀምራል፤ ታዲያ «ፋተር» ማለት ትቶ «ቫተር» የሚል ማን አለ? የእሱ ክርክር ይሄ ነበር። እኔም ለብዙ ዓመት «ቫለንቲን» ስል ኖሬ አንዲት የሥራ ባልደረባዬ ናት ያረመችኝ። ደግነቱ የኛ ፊደል ለዚህ አያስቸግርም። ፋ ከሆነ ፋ ነው፣ አለቀ።

የተወለደው ጁን 4 ቀን 1882 ነው። ቦታው የሙኒክን ወንዝ ኢዛርን ተሻግሮ ያለው «አው» ሰፈር ነው፤ ያኔ የድሃ ሰፈር ነበር። የመዝገብ ስሙ ፋለንቲን ሉድቪግ ፋይ ነው። አባቱ ሶፋና ወንበር ጨርቅ የሚያለብስ፣ የዕቃ ማጓጓዣ ድርጅትም የነበረው ሰው ነው። በዚያው በተወለደበት ዓመት ሁለት ታላላቅ ወንድሞቹን ዲፍቴሪያ የሚባለው የጉሮሮ በሽታ ወሰዳቸው። አንደኛው ካርል ይባል ነበር። እሱ ተረፈ፤ ግን ዕድሜ ልኩን በሽታ እንደፈራ ኖረ።

እኔን የገረመኝ ሌላው ነው። ይህ ሰው ዛሬ የሙኒክ ሰው ማለት እሱ ነው የሚባልለት ነው። አባቱ ግን ከዳርምሽታት ነው የመጣው። እናቱም ከሳክሰን፣ ሲታው ከምትባል ከተማ። «ያው ጀርመን አይደሉ እንዴ?» ትሉኝ ይሆናል። እስቲ ባየር፣ ማለትም ሙኒክ ያለችበት ክፍለ አገር ተወላጅ ለሆነው ጎረቤታችሁ ሳክሰንና ባየር አንድ ነው ብላችሁ ንገሩት። ያኔ ትረዱኛላችሁ። ስለዚህ የሙኒክ ዋናው አንደበት ያደገው ከሌላ አገር በመጡ ሰዎች ቤት ነው። እንደ ልጆቻችን ማለት ነው። ቤት ውስጥ አንድ ዓይነት ንግግር ይሰማል፣ በር ላይ ሌላ።

በ15 ዓመቱ አናጺነት ሊማር ገባ። ሙያውን ጨርሶ ትንሽ ሠራና ተወው። ጀርመኖች አንድ ሰው ሙያውን ሲተው «ምስማር ላይ ሰቀለው» ይላሉ። ታዲያ እዚህ ኢዛርቶር በሚባለው የድሮ የከተማ በር ማማ ያለው ሙዚየሙ ውስጥ አንድ ምስማር አለ። ተራ ምስማር፣ ግድግዳ ላይ። ፋለንቲን አናጺነቱን የሰቀለበት ምስማር ነው ይላል ጽሑፉ። እኔ ፊቱ ቆሜ ብቻዬን ስስቅ ጥበቃው ዞር ብሎ አየኝ።

አያችሁ፣ የሰውየው ነገር በሙሉ እዚህች ምስማር ላይ ነው። እኛ በቅኔ ወርቁን ፍለጋ ሰሙን እናቀልጣለን። ፋለንቲን ሰሙን ጨብጦ አልለቅም ያለ ሰው ነው። ሰው በምሳሌ ሲያወራ እሱ ቃሉን እንደ ወረደ ይይዘዋል። «ምስማር ላይ ሰቀለ ካላችሁ ምስማሩ የታለ?» ይላል። ጀርመንኛን ትልቅ ሆነን የተማርን ሰዎች ይህን እናውቀዋለን። እኛም መጀመሪያ የሰማነው ሰሙን ብቻ ነበር። ልዩነቱ፣ እኛ ባለማወቅ ነው፤ እሱ የገዛ አፉን መፍቻ ቋንቋ እንደ ባዕድ ሆኖ ያዳምጠው ነበር።

ወደ ታሪኩ ልመለስ። አባቱ በ1902 ሞተ። ድርጅቱን ከእናቱ ጋር ትንሽ ዓመት ያዘውና በ1906 ሸጡት። ገንዘቡን ምን አደረገው? ወደ ሃያ የሚሆኑ መሣሪያዎችን አንድ ላይ የሚያጫውት ግዙፍ የሙዚቃ ማሽን ሠራበት። በእጅም በእግርም በአፍም ብቻውን የሚያንቀሳቅሰው ነገር። ይህን ጭኖ በ1907 ለሥራ ወጣ፤ ሃለ፣ ላይፕሲግ፣ በርሊን። ሰው ዞሮ አላየውም። ገንዘቡ አለቀ። በመጨረሻ በንዴት ማሽኑን በመጥረቢያ ከስክሶት ባዶ ኪሱን ሙኒክ ተመለሰ። ከዚያ በኋላ ጉዞ ቢጠላ ልትፈርዱበት ትችላላችሁ?

ተመልሶ የታወቀው ፍራንክፉርተር ሆፍ በሚባል ቤት ነው። ሺለር ሽትራሰ ላይ፣ ዋናው ባቡር ጣቢያ አጠገብ። ዛሬ ያ መንገድ የስደተኛ ሱቅ የሞላበት ነው፣ ሁላችንም የምናውቀው። በ1908 እዚያ መድረክ ላይ ቆሞ ስለ ዓሣ ማሳደጊያው ይተርክ ነበር። እንዲህ ብሎ ይጀምራል። የሚኖረው ሰንድሊንገር መንገድ ላይ ነው። አይ፣ መንገዱ ላይ እንኳን አይደለም። መንገዱ ላይማ ሁልጊዜ ትራም ያልፋል፤ እሱ ከቤቶቹ በአንዱ ውስጥ ነው። ያን ጨርሶ ወደ ዓሣው ይገባል። ዓሣው ከውሃው ወጥቶ ወለል ላይ ይወድቃል። እንዳይሰቃይ ሊገድለው ያስባል። በመዶሻ? ጣቱን ሊመታ ይችላል። በጥይት? ሊስተው ይችላል። በመጨረሻ ወስዶ ኢዛር ወንዝ ውስጥ ውሃ አሰጥሞ ሊገድለው ይወስናል።

ይህን ሁሉ ሲል አይስቅም። ፊቱ የለቀስተኛ ፊት ነው። የሚስቀው ሕዝቡ ነው።

እዚያው ቤት፣ በ1911፣ አንዲት ወጣት ዘፋኝ አገኘ። ኤልዛቤት ቬላኖ ትባላለች። ከዚያ በፊት በትልቅ መደብር ሻጭ ነበረች። «አንቺ ለዚህ ዘፈን አልተፈጠርሽም፣ አስቂኝ ነሽ» አላት። መጀመሪያ ተቀየመችው። በኋላ ግን ሊዝል ካርልሽታት ተብላ ከእሱ ጋር ሩብ ምዕተ ዓመት ሠራች። የወንድ ሚና እሷ ናት የምትጫወተው። ጢም ለጥፋ የኦርኬስትራ መሪ ትሆናለች፤ እሱ ደግሞ የሚጨቃጨቃት ሙዚቀኛ። አንዱን ጭቅጭቅ ልንገራችሁ። ትናንት ስለ አንድ ብስክሌተኛ ስናወራ ልክ በዚያች ሰዓት አንድ ብስክሌተኛ አለፈ፣ ይገርማል አይደል? ይላል። መሪው «ምኑ ይገርማል? እዚህ በየደቂቃው ብስክሌት ያልፋል» ይለዋል። አይገባውም። እያወራን የነበረው ስለ ብስክሌተኛ ነው፣ ያለፈውም ብስክሌተኛ ነው! ኦርኬስትራው ቆሟል፣ ሙዚቃው ቀርቷል፣ መሪው ሊያብድ ነው።

ብዙ ጊዜ ዝናው የሚወራው ስለ እሱ ብቻ ነው። ይህ ልክ አይመስለኝም። ያለ እሷ ግማሹ ቀልድ የሚደገፍበት ግድግዳ አልነበረውም።

በኋላ ታዋቂ የቲያትር ደራሲ የሆነው ወጣቱ ብሬሽትም ያደንቀው ነበር፤ አብሮት ክላርኔት የያዘበት ፎቶ አለ። በ1924 ብሬሽት እዚህ ሙኒክ ቲያትር ሲያዘጋጅ፣ ጦርነት ላይ ያሉ ወታደሮች ምን እንደሚመስሉ ፋለንቲንን ጠየቀው ይባላል። «ገርጥተዋል፣ ይፈራሉ» አለው። ብሬሽት የተዋናዮቹን ፊት ነጭ አስቀባ።

አሁን ስለ መጽሐፍ ጠራዡ ልንገራችሁ። እኔ ፋለንቲንን የወደድኩት በእሱ ነው። እዚህ አገር በመጣሁ በሁለተኛው ዓመት አንድ መሥሪያ ቤት ስለ አንዲት ወረቀት ደወልኩ። የምናገረውን ዓረፍተ ነገር በደብተር ጽፌ፣ ሦስቴ ተለማምጄ ነው የደወልኩት። አነበብኩላቸው። «አንድ ጊዜ፣ ላዛውርዎት።» ለሁለተኛው ሰው ከመጀመሪያው አነበብኩ። «ላዛውርዎት።» ለአምስተኛው ሰው ሳነብ ድምፄ መንቀጥቀጥ ጀምሯል፣ ስሜን ሁሉ ተሳስቼ ተናገርኩ። ከዓመታት በኋላ በባልደረባዬ መኪና ስንሄድ ሬዲዮ ላይ አንድ ሽማግሌ ስልክ ሲደውል ሰማሁ። የፋለንቲን ጭውውት ነው፤ ሽማግሌው ቫኒንገር የሚባል መጽሐፍ ጠራዥ ነው። አሥራ ሁለት መጻሕፍት ጠርዞ ጨርሷል። ልላክ ወይስ አልላክ፣ ሂሳቡንስ አብሬ ላድርግ ወይ ነው ጥያቄው። ከክፍል ወደ ክፍል ያዛውሩታል። እሱም ለእያንዳንዱ ከመጀመሪያው ይጀምራል። ዓረፍተ ነገሩ እየተወላገደ፣ እየተተበተበ ይሄዳል። በመጨረሻ ትክክለኛው ክፍል ሲደርስ የሥራ ሰዓት አልቋል፣ ነገ ይደውሉ። ስልኩን ዘግቶ የሚሳደበው ስድብ የባየር ስድብ ነው፣ እዚህ ልጆች ስላሉ አልተረጉመውም።

«ይሄ ሰውዬ የኔን ስልክ ጠልፎ ነበር እንዴ?» አልኩ። ባልደረባዬ የተቀረጸው በ1940 ነው ስትለኝ ነው ያመንኩት።

ጀርመንኛ ኮርስ ላይ ያላችሁ ልጆች ደግሞ ይህችን ስሙ። «ዜመልክኖድል» የሚባለውን ታውቁታላችሁ፣ ከደረቀ ዳቦ ተድቦልቡሎ የሚቀቀለውን። ፋለንቲን ቃሉ ስህተት ነው ይላል። የሚሠራው ከአንድ ዳቦ አይደለም፣ ከብዙ ዳቦ ነው። ስለዚህ ዳቦው ራሱ በብዙ ቁጥር መጠራት አለበት ብሎ ካርልሽታትን ያደርቃታል። አንድ ሰው እኛ ቤት መጥቶ፣ ድስቱ ውስጥ ሁለት ዶሮ ስላለ «ዶሮዎች ወጥ» በሉ ብሎ ድርቅ ቢል አስቡት። የሚያስቀው፣ ልክ መሆኑ ነው።

ቀጥሎ ያለው ዘመን ጨለማ ነው። በ1934 መሃል ከተማ አንድ ምድር ቤት ውስጥ የጉድ ዕቃዎች ማሳያ ከፈተ። አንደኛው ዕቃ ውሃ ያለበት ሳህን ነው፤ የቀለጠ የበረዶ ሐውልት ነው ይላል ጽሑፉ። ሰው አልመጣም። የእሱም የካርልሽታትም ቁጠባ እዚያ ምድር ቤት ቀለጠ። በኤፕሪል 1935 እሷ ኢዛር ውስጥ ራሷን ወረወረች። አወጧት፤ ለረጅም ጊዜ ታመመች። በጦርነቱ ጊዜ ተራራ ላይ ከሠፈረ ጦር ጋር ሆና፣ የወታደር ልብስ ለብሳ፣ በወንድ ስም ጉስታቭ እየተባለች በቅሎ ትጠብቅ ነበር። እኔ ከዚህ ሁሉ ታሪክ ፊልም ሊሠራ የሚገባው ይሄኛው ነው እላለሁ።

ናዚዎችን በተመለከተ ጀግና አላደርገውም። ታጋይ አልነበረም፣ ፈሪ ነበር፣ ራሱም አይደብቀውም። ግን አልተመቻቸውም። ርስት ስለደረሳቸው ድሆች የሠራውን ፊልም በ1936 ችግርን አጉልቷል ብለው ከለከሉት። በ1941 መድረኩን ትቶ ከሙኒክ አጠገብ ፕላኔግ ወደሚገኘው ቤቱ ገባ። ከጦርነቱ በኋላ ሬዲዮ ላይ ቢሞከርም አድማጩ አልወደደውም። የተራበ ሰው የሚያጽናናው ቀልድ ነበር የፈለገው፤ የፋለንቲን ቀልድ ደግሞ አያጽናናም። በ1948 መጀመሪያ ከካርልሽታት ጋር ተመልሶ መድረክ ላይ ወጣ። እንደሚነገረው አንድ ሌሊት ሳያውቁ ሙቀት የሌለው ቲያትር ውስጥ ቆልፈውበት ሄዱ። ብርዱ የሳንባ ምች ሆነበት። ፌብሩዋሪ 9 ቀን፣ በ65 ዓመቱ ሞተ። ዕለቱ የካርኒቫል ሰኞ፣ ሰው የሚጨፍርበትና የሚቀልድበት በዓል ነበር።

ከሞተ በኋላ ከተማው ወደደው። ቪክቱዋሊየን ገበያ ላይ በ1953 የፏፏቴ ሐውልት ቆመለት፣ ለካርልሽታትም በኋላ ተሠራላት። እጃቸው ላይ ሰው አበባ ያስቀምጣል። በሚቀጥለው ቲማቲም ስትገዙ እዩ። መቃብሩ ፕላኔግ ነው፣ በኤስ ስድስት ባቡር ትደርሳላችሁ።

ሳልጨርስ አንዲት ነገር ብቻ። በ1940 ከካርልሽታት ጋር የሠራው ሌላ ጭውውት አለ፣ መምህርና ተማሪ ናቸው። ስለ ባዕድ ሰው ነው የሚያወሩት። «ባዕድ ባዕድ የሚሆነው በባዕድ አገር ብቻ ነው» ይላል ተማሪው። ቀጥሎ ስለ ሙኒክ ሰው ይነሳል። ለሙኒክ ሰው ቢራ ቤቱ ሆፍብሮይሃውስ ባዕድ አይደለም፤ ዶይቸ ሙዚየምና የሥዕል ቤቱ ፒናኮቴክ ግን በገዛ ከተማው ባዕድ ናቸው። እስቲ እውነት እንነጋገር። ከመካከላችን ስንቶቻችን ነን ፒናኮቴክ የገባን? እንግዲህ ሙኒኮች ሆነናል ማለት ነው።

ለዚህ ነው ቅዳሜ ወደ ፋለንቲን ሙዚየም አብረን እንሂድ የምላችሁ። ኢዛርቶር በር ላይ እንገናኝ። ሙዚየሙ ውስጥ ምስማሩ አለ፤ እንዳይበርድ ጸጉር የለበሰ የክረምት የጥርስ እንጨትም አለ። 99 ዓመት የሞላው ሰው ከወላጆቹ ጋር ከመጣ በነፃ ይገባል። የሚከፈተው በጀርመን አቆጣጠር 11 ሰዓት ከ1 ደቂቃ ነው፤ በኛ 5 ከ1። ተጠንቀቁ፤ 11 ሰዓት ላይ የመጣ ሰው ዝግ ነው የሚያገኘው። የዘገየ ሰው ደግሞ ማማው ላይ ያለውን ሰዓት አይቶ ምክንያት እንዳያደርግ። እሱ ሆን ተብሎ ወደ ኋላ ነው የሚቆጥረው።