ኃይሉ በየት ገባ?

(በትምህርት ቤት የሳይንስ ክበብ ኤግዚቢሽን መክፈቻ ላይ የተደረገ ንግግር)

የተከበራችሁ ወላጆች፣ ባልደረቦቼ መምህራን፣ የክበባችን ልጆች፣ እንኳን ደህና መጣችሁ።

ኤግዚቢሽኑን ከመክፈታችን በፊት ጥቂት ደቂቃ ስጡኝ። ከሰዓት በኋላ ልጆቹ ድራማ ያሳዩናል። በድራማው ውስጥ በክራር ድምፅ የሚሠራ ማሽን አለ። ክሮቹ በትክክል ሲቃኙ ማሽኑ አብሮ ይርገበገባል፤ በእኛና በሌላው ዓለም መካከል ያለውን በር ከፍቶ ከዚያ ማዶ ኃይል ይቀዳል። ድርሰቱን አንብቤ በጣም ወድጄዋለሁ። እንዲህ የሚያልሙ ልጆች ስላሉን ደስ ሊለን ይገባል። እኔ ላወራችሁ የፈለግሁት ግን ይህን የመሰለ ማሽን ከመድረክ ወርዶ አክሲዮን ስለተሸጠበት ጊዜ ነው።

ሰውየው ጆን ኪሊ ይባላል፤ አሜሪካዊ ነው፣ የፊላደልፊያ ሰው። በ1870ዎቹ (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ አዲስ ኃይል አገኘሁ ብሎ ተነሣ። ኃይሉ በውሃና በአየር ውስጥ፣ እንዲሁም ሕዋውን ሁሉ ሞልቶታል ይባል በነበረው ‹ኢተር› በሚሉት ረቂቅ ነገር ውስጥ ተደብቆ ይኖራል፤ የሚያስወጣው ደግሞ የሙዚቃ ንዝረት ነው አለ። አንድ ሊትር ያህል ውሃ ባቡርን ከፊላደልፊያ ሳን ፍራንሲስኮ ያደርሳል እስከማለት ደረሰ። ባለሀብቶች ተሰበሰቡ፣ ኩባንያ ተቋቋመ፣ ገንዘብ ጎረፈ።

እስቲ ቤተ ሙከራው ውስጥ እንደገባችሁ አስቡት። ኪሊ ማሽኑ ፊት ይቆማል። ቫዮሊን ያነሣል፣ አንዳንዴ ሃርሞኒካ ይነፋል፣ አንዳንዴም ቱኒንግ ፎርክ የሚባለውን፣ ሹካ የመሰለ የብረት መቃኛ መትቶ ያስጮኻል። ትንሽ ቆይቶ የብረቱ ሉል መሽከርከር ይጀምራል። ውሃ በሞላው ብርጭቆ ውስጥ የተቀመጡ ብረቶች ድምፁን የሰሙ ይመስል ከፍ ዝቅ ይላሉ። ከማሽን ማሽን የተዘረጉት ቀጫጭን ሽቦዎች ኃይሉን የሚያሻግሩ ናቸው ይባላል። እንግዳው አፉን ከፍቶ ይመለከታል። ‹ፍታውና ውስጡን አሳየኝ› ያለ ሰው ግን ምላሽ አያገኝም። በ1888 ፍርድ ቤት ምስጢሩን እንዲገልጽ ቢያዘው እምቢ ብሎ ለጥቂት ቀናት ታሰረ። ባለአክሲዮኖቹ ተስፋ ሲቆርጡ ክላራ ብሉምፊልድ ሙር የተባሉ ባለጸጋ ወይዘሮ ከራሳቸው ገንዘብ እያወጡ ይደግፉት ነበር። ሩብ ምዕተ ዓመት በዚህ ሁኔታ አለፈ። አንድም ባቡር አልተንቀሳቀሰም።

ኪሊ በ1898 ሞተ። ብዙም ሳይቆይ የወይዘሮዋ ልጅ፣ በእናቱ ገንዘብ ነገር ሲቆጭ የኖረው ክላረንስ ሙር፣ ያንን ቤት ተከራየና ከባለሙያዎች ጋር ወለሉን አስፈተሸ። ምድር ቤቱ ውስጥ ሦስት ቶን ያህል የሚመዝን ባዶ የብረት ሉል ተገኘ፤ የታመቀ አየር ማጠራቀሚያ ነው አሉ። ከወለሉና ከግድግዳው ውስጥም ቀጫጭን ቱቦዎች ወጡ። ሽቦ ናቸው የተባሉትም ውስጣቸው ክፍት ነበር። ቫዮሊኑ ላይ ሲጫወት፣ ሥራውን የሚሠራው ከእግሩ ሥር ያለው አየር ነበር ማለት ነው።

እኔን የሚያሳዝነኝ የባለሀብቶቹ ኪሳራ አይደለም። የሚያሳዝነኝ የሬዞናንስ ስም መጉደፉ ነው። ሬዞናንስ፣ ማለትም አንድ ነገር በራሱ ምት ሲገፋ ንዝረቱ እየበረታ መሄዱ፣ እውነት ነው፣ ድንቅም ነው። ዥዋዥዌ ላይ ያለን ልጅ በትክክለኛው ሰዓት በጣት እየገፋችሁ ከፍ ልታደርጉት ትችላላችሁ፤ ትንንሹ ግፊት ይጠራቀማል። ግን ልብ በሉ፣ የሚጠራቀመው እናንተ የሰጣችሁት ነው። ከሌላ ቦታ አንዲት ቅንጣት አልተጨመረችም።

ይህን ቱኒንግ ፎርክ እዩት። መትቼ በእጄ ስይዘው ከፊት የተቀመጣችሁት እንኳ በደንብ አትሰሙትም። አሁን ደግሞ እግሩን ጠረጴዛው ላይ ላሳርፈው። ... ሰማችሁ? ከኋላ ያላችሁትም ሰማችሁት። ጠረጴዛው ኃይል የፈጠረ ይመስላል፤ ነገር ግን ሰዓት ይዛችሁ ብትለኩ ጠረጴዛው ላይ ያለው ቶሎ ዝም ይላል። የነበረውን ነው ፈጥኖ ያወጣው። የማሲንቆ ሳጥንም ሥራው ይኸው ነው፤ ጉልበቱ የመጣው ከአዝማሪው ክንድ ነው፣ የክንዱም ከበላው እንጀራ።

ድምፅ ደግሞ ጆሯችን እንደሚነግረን ብርቱ አይደለም። ሰው ተረጋግቶ ሲያወራ ከአፉ የሚወጣው የድምፅ ኃይል አንድ ዋት ለመቶ ሺህ ቢካፈል ከሚደርሰው አንዱ እጅ ገደማ ነው። አንድ ሚሊዮን ሕዝብ አንድ ላይ ቢያወራና ድምፁ ምንም ሳይባክን ወደ ኤሌክትሪክ ቢቀየር፣ አሥር ዋት ገደማ ይሆናል፤ አንድ የቤት ኤልኢዲ አምፖል ነው የሚያበራው። እኔ ይህን ለተማሪ ስነግር ሁልጊዜ የሚገርመኝ ኃይሉ ማነሱ አይደለም፤ ይህቺን ታህል ነገር ይዞ ከሩቅ የእናቱን ድምፅ የሚለይ ጆሮ መኖሩ ነው።

ታዲያ በድምፅ የሚሠራ ሞተር የለም ወይ? አለ እንጂ! በ1859 ሪይከ የተባለ የሆላንድ ፊዚሲስት ቀጥ ብሎ የቆመ ቱቦ ውስጥ ወንፊት አስገብቶ ሲያግለው ቱቦው መዝፈን ጀመረ። ሙቀት ድምፅ ሆነ ማለት ነው። ከዚህ ዘር የመጡት ማሽኖች ዛሬ ቴርሞአኩስቲክ ሞተር ይባላሉ። በ1999 በአሜሪካ የሎስ አላሞስ ቤተ ሙከራ ተመራማሪዎች ከገባው ሙቀት 30 በመቶውን ወደ ድምፅ ኃይል የሚቀይር ሠርተዋል። ነገሩ ተገልብጦም ይሠራል፤ በድምፅ የሚያቀዘቅዝ ማሽን በ1992 በዲስከቨሪ መንኮራኩር ጠፈር ደርሶ ተመልሷል። እነዚህ ሰዎች ምንም አልደበቁም። ሙቀቱ በየት እንደገባ፣ ምን ያህሉ እንደባከነ ጽፈው ለዓለም አሳትመዋል።

ደግሞ ብዙዎቻችሁ አሁን በክንዳችሁ ላይ ቱኒንግ ፎርክ አስራችኋል። የኳርትዝ የእጅ ሰዓት ውስጥ ከሩዝ ፍሬ የማይበልጥ፣ እንደዚሁ እንደ ሹካ ሁለት ጣት ያለው ክሪስታል አለ። በሰከንድ 32,768 ጊዜ ይርገበገባል፤ ሰዓቱም እሱን እየቆጠረ ነው የሚሄደው። የሚርገበገበው ባትሪ ስላለው ነው። ባትሪው ሲያልቅ ይቆማል። ኪሊ ያን ሁሉ ዓመት በፎርክ ሲያታልል ኖረ፤ በዚያው ሹካ ግን ሌሎች ሰዎች ሰዓታችንን አስተካከሉልን።

ልጆቼ፣ ድራማችሁን አትቀይሩ። በሩ ይከፈት፣ ክራሩም ይዘምር። እዚህ አዳራሽ በተደረደሩት ጠረጴዛዎች ላይ ግን ሕጉ ሌላ ነው፤ የማይከፈት ክዳን አይኖርም።

ወላጆች፣ ‹ጎበዝ!› ብላችሁ ብቻ እንዳታልፉ። ‹ኃይሉ በየት ገባ?› ብላችሁ ጠይቋቸው፤ ሽቦውን በጣታችሁ ተከተሉት፣ ከጠረጴዛው ሥርም ጎንበስ ብላችሁ እዩ። ተዘጋጅተው ነው የሚጠብቋችሁ። በሩ አጠገብ ያለው መብራት በብስክሌት ፔዳል ነው የሚበራው፤ ጉልበት ያለው ይሞክረው።

ኤግዚቢሽኑ ተከፍቷል። አመሰግናለሁ።