ውሉ ሲያልቅ ምን ይቀርልናል?

የተከበራችሁ የሥራ ባልደረቦቼ፣ እንደምን አመሻችሁ።

የዛሬው ስብሰባ ምክንያት ግልጽ ነው። ከአንድ የመንግሥት ድርጅት ጋር የገባነው የፍራንቻይዝ ውል፣ ማለትም በድርጅቱ ስም ሱቅ የምናንቀሳቅስበት ውል፣ ሊያልቅ ነው። ሱቁን የተከራየነው እኛ ነን። ታፔላውን በድርጅቱ ቀለም ያሠራነው፣ ሠራተኛ የቀጠርነው፣ ማስያዣ ያስገባነውም እኛው ነን። "ይታደሳል ወይ?" ብለን ስንጠይቅ ግን መልሱ "ጠብቁ" ነው። የሱቅ ኪራይ ደግሞ አይጠብቅም።

በመጀመሪያ መራራውን ልናገር። ድርጅቱን "ውሉን አድስ" ብለን የምናስገድድበት መብት የለንም። የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ቁጥር 1731 በአግባቡ የተደረገ ውል በተዋዋዮቹ መካከል ሕግ እንደሆነ ይናገራል። የማብቂያውንም ቀን ፈርመንበታል። ለፍራንቻይዝ ብቻ ተብሎ የወጣ አዋጅም የለንም። ስለዚህ ጉልበታችንን እዚያ ላይ አንጨርስ።

ጉልበታችን የሚያስፈልገው አወጣጣችን ላይ ነው። ውሉ ቢያልቅም ሂሳቡ አላለቀም። ማስያዣችን አለ፣ ያልተከፈለ ኮሚሽን አለ፣ ድርጅቱ ራሱ ግዙ ብሎን በእጃችን የቀረ ዕቃ አለ። ቁጥር 1732 ደግሞ ውል በቅን ልቦና እንዲተረጎም ያዛል። ይህን ቁጥር ያዙልኝ።

የእንግሊዝን ፖስታ ቤት ነገር ብዙዎቻችሁ ሰምታችኋል። ድርጅቱ ሙሉ በሙሉ የመንግሥት ነው። ቅርንጫፎቹን በአብዛኛው የሚያንቀሳቅሱት ግን እንደኛ ያሉ ባለሱቆች ናቸው። እ.ኤ.አ. ከ1999 ጀምሮ ሆራይዘን የሚባል የኮምፒውተር ሥርዓት ገባ። ሥርዓቱ የሌለ ጉድለት ያሳይ ነበር። ድርጅቱ "ውሉ ላይ ለጉድለት ተጠያቂ ናችሁ ይላል" እያለ ገንዘብ አስከፈላቸው፣ ውላቸውን አቋረጠ፣ ብዙዎቹንም ከሰሰ። ከ900 በላይ ሰዎች ተፈረደባቸው። ቤታቸውን ያጡ አሉ፣ እስር ቤት የገቡ አሉ።

ከባለሱቆቹ 555ቱ ተባብረው ድርጅቱን ከሰሱ። እ.ኤ.አ. መጋቢት 2019 ዳኛ ፍሬዘር የሰጡት ፍርድ ለእኛ ትልቅ ትምህርት ነው። እንዲህ ያለ ረጅም የሥራ ግንኙነት ያለበት ውል ድርጅቱን በቅን ልቦና እንዲሠራ ያስገድደዋል አሉ። ውሉ ላይ ቃሉ ባይጻፍም! በስምምነት ካገኙት 57.75 ሚሊዮን ፓውንድ አብዛኛውን የክርክሩ ወጪ በላው፤ እኔን እስካሁን የሚያናድደኝ ይህ ነው። ሰነዳችንን ከአሁኑ እንያዝ የምለውም ለዚሁ ነው። ክርክር ዘግይቶ ሲጀመር ውድ ነው።

በየወሩ ሂሳብ የታረቀበትን ወረቀት፣ የዕቃ መረከቢያችሁን፣ ማስያዣ የገባበትን ደረሰኝ ፎቶ አንስታችሁ አስቀምጡ። በርክክቡ ቀን "ምንም የምጠይቀው የለም" የሚል ወረቀት ቢቀርብላችሁ ሳታነቡ እንዳትፈርሙ። ያልተስማማችሁበት ቁጥር ካለ ከፊርማችሁ አጠገብ ጻፉት።

ሌላም አለ። ውላችን ላይ ክርክር በግልግል ዳኝነት፣ ማለትም ከፍርድ ቤት ውጭ እኛው በምንመርጣቸው ዳኞች፣ ይታያል የሚል አንቀጽ አለ። ድርጅቱ ግን ነገ "ይህ የአስተዳደር ውል ነው"፣ ማለትም መንግሥት ለሕዝብ አገልግሎት የሚገባው ልዩ ውል ነው፣ ሊል ይችላል። ስለ ግልግል ዳኝነት የወጣው አዋጅ ቁጥር 1237/2013 ደግሞ ሌላ ሕግ ካልፈቀደ በቀር የአስተዳደር ውልን ለግልግል አይፈቅድም። የትኛው ውል የአስተዳደር ውል እንደሆነ የሚለየው የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 3132 ነው። የእኛ ውል ተራ የንግድ ውል ነው ባይ ነኝ፤ ቢሆንም ጠበቃችን ይህን ከወዲሁ አይቶ የት እንደምንከስ ይንገረን።

ስለ ደንበኛም ላንሳ። ሰፈሩን ያስለመድነው እኛ ነን። ከኛ በኋላ የሚገባው ሰው የሞላ ሱቅ ይረከባል። በጀርመን የንግድ ሕግ አንድ የንግድ ወኪል ውሉ ሲያልቅ፣ ያመጣቸው ደንበኞች ኩባንያውን መጥቀማቸውን ከቀጠሉ ካሳ ያገኛል። ጣሪያው የአንድ ዓመት አማካይ ኮሚሽን ነው። ፍርድ ቤቶቹ ይህን ተመሳሳይ ሁኔታ ላይ ላሉ አከፋፋዮችም ዘርግተውታል። እኛ ጋ ለፍራንቻይዝ እንዲህ ያለ ግልጽ ድንጋጌ ባይኖርም፣ በሚቀጥለው ውል ውስጥ እንዲገባ መደራደር ግን እንችላለን። ነውር የለውም።

የድርጅቱ ባለቤት ሕዝብ ነው። ሱቆቹን በጨረታ አወጣለሁ ካለ ያውጣ፤ መስፈርቱን ግን አስቀድሞ ይንገረን፣ ነባሩም እኩል ይወዳደር። ውሉ ካለቀ በኋላ "እስክናሳውቃችሁ ሥሩ" እየተባልን ያለ ወረቀት መሥራት ግን ይብቃ። ያ አሠራር ከሁሉም በላይ የሚጎዳው እኛን ነው።

ለድርጅቱ የምናስገባው ደብዳቤ ተዘጋጅቷል። ሦስት ነገር ይጠይቃል፦ የመታደሱ ውሳኔ ውሉ ከማለቁ ከስድስት ወር በፊት በጽሑፍ ይነገረን፣ ማስያዣችን የሚመለስበት ቀን ይቆረጥ፣ የቀረውን ዕቃ ድርጅቱ በገዛንበት ዋጋ ይረከበን። አንብቡት፣ የሚጨመር ካለ አሁን ተናገሩ፤ ከዚያ በየሱቃችሁ ማኅተም አትማችሁ ለጸሐፊያችን ስጡ።