ፊልሙን ከጨረስን በኋላስ?

ሰላም ጤና ይስጥልኝ፣ ወደ ፊልም ሰሪዎች ማህበራችን ጉባኤ እንኳን ደህና መጣችሁ። ከኋላ የቆማችሁ ልጆች ጠጋ ጠጋ በሉ፣ ፊት ያሉትን ወንበሮች ደግሞ ለጋሼዎች ልቀቁልኝ። የአመቱን ሪፖርት ጸሐፊያችን ስለሚያቀርበው እኔ ፊልም ስለ ማከፋፈል ብቻ ላውራ።

እኛ ጋ ፕሮዲውሰሩ መኪናውን ይሸጣል፣ ከዘመድ ይበደራል፣ እቁቡን ለምኖ ቀድሞ ይወስዳል፣ ብቻ እንደምንም ፊልሙን ያስጨርስና ምረቃው ቀን ጉልበቱም ብሩም አብሮ ያልቃል። ቀይ ምንጣፍ፣ ፎቶ፣ እንኳን ደስ ያለህ ምናምን፣ ከዛ በኋላ መጀመሪያ ብር ይዞ የመጣ ሰው የፊልሙ ጌታ ይሆናል።

እስቲ አሜሪካ የሚኖረውን የፊልም ዳይሬክተር ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማን እዩ። ሳንኮፋ የሚባለውን ፊልሙን ለመስራት ገንዘብ ፍለጋ ብቻ አመታት ፈጀበት፣ ጋና ጃማይካ ሉዊዚያና እየዞረ ቀረጸ፣ እ.ኤ.አ በ1993 የበርሊን ፊልም ፌስቲቫል ውድድር ገባ፣ ይሄ ሁሉ ሆኖ አሜሪካ ውስጥ የሚያከፋፍለው ጠፋ። እሱና ባለቤቱ ሽሪኪያና አይና ታዲያ ቁጭ ብለው አላለቀሱም፣ ዋሽንግተን ላይ ሲኒማ ቤት በራሳቸው ተከራዩና በየቤተክርስቲያኑ፣ በየሰፈሩ ማህበር፣ በጥቁሮች ሱቅ ሁሉ እየዞሩ ቀሰቀሱ፣ ህዝቡም ግልብጥ ብሎ መጣ፣ ፊልሙ ሳምንታት ቆየ፣ ከዛ ከከተማ ወደ ከተማ በዚሁ መንገድ ሄደ። ጆርጂያ አቬኑ ላይ፣ ሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ አጠገብ ያለው ሳንኮፋ የሚባለው መጽሐፍ ቤትና ካፌም የነሱ ነው፣ ዋሽንግተን የሄዳችሁ ታውቁታላችሁ። መብቱን ለማንም ስላልሸጡት ደግሞ ከ28 አመት በኋላ፣ በ2021፣ በአሜሪካዊቷ ዳይሬክተር በአቫ ዱቨርኔይ ድርጅት በኩል ኔትፍሊክስ ላይ ወጣ።

እርግጥ መንገዱን አላሳምረውም። ከሳንኮፋ እስከ ጤዛ የሚባለው ፊልሙ 15 አመት ነው፣ በመሀል አድዋ የሚለውን ዘጋቢ ፊልም ሰርቷል ግን 15 አመት 15 አመት ነው። እሱ ደግሞ ሃዋርድ የሚያስተምርበት ደሞዝ ነበረው፣ እኛ ምን አለን?

ቢሆንም መብት ግን አለን፣ እሱንም እየሰጠን ነው እንጂ። በቀደም አንዱ አባላችን ለዩቲዩብ ቻናል የፈረመውን ኮንትራት አሳየኝ። ሁለት ገጽ ናት። ሁለተኛው ገጽ ግርጌ ላይ በማንኛውም መንገድ፣ በማንኛውም ሀገር፣ ላልተወሰነ ጊዜ ይላል። ቴሌቪዥኑ፣ ውጪ ሀገር ማሳየቱ፣ ገና ያልተፈጠረው አፕ ሳይቀር በአንድ ቼክ ሄደ ማለት ነው፣ ልጁ ደግሞ ያንን ቼክ ለላይትና ለካሜራ ኪራይ እዳ ነው ያዋለው፣ ምን ትለዋለህ።

ስለዚ ከሰአት በኋላ ጠበቃችን የናሙና ኮንትራት ይዞ ይመጣል፣ ጊዜው የተገደበ፣ ዩቲዩቡ ለብቻ ቴሌቪዥኑ ለብቻ የሆነ። የፈረማችሁት ያላችሁ ስልካችሁ ላይም ቢሆን አውጡትና እያስተያየን እንነጋገር፣ የተከፈላችሁን ብር መሸፈን ትችላላችሁ፣ አናይባችሁም።

በሉ ጉባኤው ተከፍቷል፣ ጸሐፊ ሪፖርቱን ያዝና ና።