ጨው የሌለው ዳቦ ቆሎ

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን ሰነበታችሁ። ዛሬ እንግዳ የለኝም፣ ብቻዬን ነኝ። ብቻዬን ስል ሰው የለም ማለቴ ነው፤ እግሬ ሥር የተኛ አንድ አለ። ቆይ፣ ይሄን ስሙልኝ።

(የጣሳ መንኳኳት ድምፅ)

ይሄ የቡና ጣሳ ነው፣ ውስጡ ዳቦ ቆሎ አለ። አሁን ወለሉ ላይ የምትሰሙት ጥፍር ደግሞ የቡላ ነው። ከእንቅልፉ ተነሳ፣ በቃ። ቡላ ውሻዬ ነው። መልኩ ቡላ ስለሆነ ነው ስሙን ያወጣሁለት። ከመጠለያ ስወስደው ግማሹ ቢግል የሚባል የውሻ ዝርያ ነው አሉኝ፣ የቀረው ግማሽ ምን እንደሆነ የሚያውቅ የለም። 9 ኪሎ ይመዝናል። ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ውስጥ ባለች ትንሽ አፓርታማ አብረን እንኖራለን።

ዛሬ የማወራችሁ ለውሻ ስለመጋገር ነው። "ለውሻ ደግሞ ይጋገራል እንዴ?" የምትሉ አላችሁ፤ አይደንቀኝም። እማዬም ያለችው ይሄንኑ ነው። ነገሩን ያለ እማዬ ማውራት ስለማልችል ከእሷ ልጀምር።

እማዬ ከአዲስ አበባ የመጣችው አምና ኅዳር ላይ ነው፣ ለ6 ወር። በሩን ስከፍት ቡላ ሮጦ ሊቀበላት ወጣ። ሻንጣዋን እንደያዘች ደጃፉ ላይ ቆመች። "ቤት ውስጥ?" አለችኝ። ሌላ ቃል አልጨመረችም።

ያደግኩበት ቤትም ውሻ ነበር፣ ጃክ ይባላል። ጃክ ግን የግቢ ውሻ ነው፤ ቀን ይታሰራል፣ ማታ ይፈታል። የቤቱን ደፍ ረግጦ አያውቅም። ሥዕለ አድኅኖ በተሰቀለበት፣ ጠበል በተቀመጠበት ቤት ውሻ አይገባም። እኔም እያወቅሁ ያደግሁት ይሄንን ስለሆነ አልተከራከርኳትም። የእሷ መኝታ ቤት በር ይዘጋል፣ ቡላ እዚያ አይገባም ብዬ ቃል ገባሁላትና በዚያው ተስማማን።

ጃክ ይበላ የነበረው የተረፈውን ነው። የድስት ጥራጊ፣ በወጥ የራሰ የደረቀ እንጀራ፣ ዓመት በዓል ሲሆን አጥንት። አባዬ ደመወዝ የተቀበለ ቀን ከሥጋ ቤት ሳንባ ይዞለት ይመጣል። ሑዳዴ ሲገባ ሥጋ ቤቱ ይዘጋል፣ ጃክም እኛ የበላነውን ሽሮ ይበላል። ይሄን የምነግራችሁ ማንንም ለመውቀስ አይደለም። እንወደው ነበር፣ ያለንንም እንሰጠው ነበር። ሽሮ ውስጥ ምን እንዳለ ለውሻ ብሎ ያሰበ ግን አልነበረም።

እዚህ ደግሞ ገና ደረሰ። እማዬ ዶሮ ሠራች። የእማዬን ዶሮ እንግዲህ በቃል አልገልጸውም፤ ለአንድ ዶሮ 3 ኪሎ ገደማ ሽንኩርት ነው የምትከትፈው። ሽንኩርቱ ለሰዓታት ይቁላላል፣ ውኃው ይመጥጣል፣ በመጨረሻ ሟሙቶ ይጠፋል። አይኑን ብትፈልጉት አታገኙትም። ድስቱ ውስጥ ግን አለ፣ አንድ ግራም ሳይጎድል አለ። ይሄን ያዙልኝ።

በእነዚያ ሳምንታት ቡላ እማዬን አሸንፏት ነበር። ማለዳ ስትጸልይ ከተዘጋው በር ውጭ ተኝቶ ይጠብቃታል፣ ጨርሳ እስክትወጣ ድረስ ንቅንቅ አይልም። "ይሄ ውሻ ጸሎት ያከብራል" አለችኝ አንድ ቀን። ከዚያ ወዲህ እኔ ሥራ ስውል የተፈጠረውን ነገር በኋላ ነው የሰማሁት። ከገና ጀምሮ ለ3 ቀን፣ ምሳዋን በበላች ቁጥር እንጀራውን በቁሌት አጥቅሳ፣ ጠቅልላ፣ ሰሀን ላይ ታስቀምጥለታለች። እንደ ጉርሻ እኮ ነው! የመጨረሻ የምትወደውን ምግብ፣ የምትወደውን ሰው እንደምታጎርስ።

በ4ኛው ቀን ጠዋት ቡላ አልነሳም አለ። ማሰሪያውን አንስቼ ሳሳየው ጭራውን እንኳ አላንቀሳቀሰም። አቅፌ ወደ ውጭ አወጣሁት። በረዶ ጥሎ ነበር፣ በረዶው ላይ ሸና፤ ሽንቱ እንደ ሻይ ቀልቷል። ነጩ በረዶ ላይ ያንን ቀለም ሳይ እጄ መንቀጥቀጥ ጀመረ።

የእንስሳት ሐኪሟ መጀመሪያ ያደረገችው ከንፈሩን ገልጣ ድዱን ማየት ነው። ነጭ ሆኗል። ጤነኛ ድድ ሮዝ ነው፣ በጣት ተጭናችሁ ስትለቁት ነጭ ይሆንና በ2 ሰከንድ ውስጥ ቀለሙ ይመለሳል። "ሽንኩርት በልቷል?" አለችኝ። "ኧረ አልበላም" አልኳት፣ በሙሉ እምነት። አጠገቤ ለተቀመጠችው እማዬ ጥያቄውን በአማርኛ ነገርኳት። ዝም አለች። ትንሽ ቆይታ፣ ወለሉን እያየች፣ "ዶሮ ሰጥቼዋለሁ" አለች።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሽንኩርት ውስጥ ድኝ ያለባቸው ንጥረ ነገሮች አሉ። በውሻ ሆድ ሲፈጩ ቀይ የደም ሕዋሳቱን ያጠቃሉ፤ ሕዋሳቱ ይፈነዳሉ፣ ደም ያንሳል፣ የፈረሰው ቀለም በሽንት ይወጣል። ምልክቱ በአብዛኛው የሚታየው ከጥቂት ቀናት በኋላ ስለሆነ ሰው ከምግቡ ጋር አያገናኘውም። መቀቀል፣ መቁላላት፣ ማድረቅ፣ አንዱም መርዙን አያጠፋውም። ለአንድ ኪሎ የውሻ ክብደት ከ15 እስከ 30 ግራም ሽንኩርት ጉዳት ያደርሳል። ለቡላ አስሉት፤ 9 ኪሎ በ15 ግራም፣ 135 ግራም። አንድ መካከለኛ ሽንኩርት ማለት ነው! ሦስት ኪሎ ሽንኩርት ከሟሟበት ድስት ሁለት ጭልፋ ቁሌት ስንት ሽንኩርት እንደሚይዝ እናንተ ታውቁታላችሁ። ነጭ ሽንኩርት ደግሞ በግራም ሲለካ ከዚህም ይብሳል። በርበሬያችን ውስጥ አለ፣ ሽሮአችን ውስጥ አለ። ስለዚህ "የጾም ስለሆነ ቀላል ነው" አይባልም።

ቡላ 2 ሌሊት እዚያ አደረ፣ ተረፈ። እግዚአብሔር ይመስገን። ወደ ቤት ስንመለስ መኪና ውስጥ እማዬ በነጠላዋ ጫፍ ፊቷን ሸፍና አለቀሰች። "ወድጄው እኮ ነው" አለች፣ "ወድጄው።"

ከዚያ በኋላ ምንም አልሰጥም አለች። ወጥ ቤት ሲገባ "ሂድ፣ ሂድ ልጄ" እያለች ታስወጣዋለች። እኔ ከሱቅ ትሪት ገዛሁ። ትሪት እዚህ ሀገር ለውሻ የሚሰጥ መክሰስ ነው፣ ሲታዘዝ ወይም እንዲሁ ለማስደሰት። እማዬ ግን ከላስቲክ እየወጣ ሲበላ ማየት አልሆነላትም። ሑዳዴ በገባ በሁለተኛው ሳምንት፣ ቅዳሜ ዕለት፣ መነጽሯን አድርጋ ወረቀትና እስኪርቢቶ ይዛ መጣች። "ምን ምን እንደማይበላ ጻፊልኝ" አለችኝ።

ጻፍኩላት። ሽንኩርት፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ወይንና ዘቢብ፣ ቸኮሌት፣ የበሰለ አጥንት፣ በእርሾ የቦካ ጥሬ ሊጥ። ሊጡ የገረማት ይመስለኛል፤ ሆድ ውስጥ እየቦካ ይነፋል፣ አልኮልም ያወጣል ብዬ አስረዳኋት። ሌላው ዛይሊቶል ነው። ስኳር የለውም በሚባል ማስቲካና ከረሜላ ውስጥ፣ አንዳንዴም በለውዝ ቅቤ ውስጥ የሚገባ ማጣፈጫ ነው። እኛን አይነካንም፣ ውሻን ግን በሰዓት ባልሞላ ጊዜ የደም ስኳሩን አውርዶ ይጥለዋል። የለውዝ ቅቤ ስትገዙ ጀርባውን አንብቡ፣ በርች ሹገር ተብሎም ይጻፋል፣ ያው እሱ ነው። እማዬ ዝርዝሩን ከላይ እስከ ታች አነበበችና "ዳቦ ቆሎስ?" አለች።

አሰብኩት። ጨው ከሌለው፣ በርበሬ ከሌለው፣ ስኳር ከሌለው፣ ዘይቱ ከቀረ፣ ለምን አይሆንም?

"ጨው የሌለው ዳቦ ቆሎ!" አለች። ጨው ሆይ ለራስህ ስትል ጣፍጥ፣ አለዚያ ድንጋይ ነው ብለው ይጥሉሃል እየተባለ ያደገች ሴት እኮ ናት። ለእንግዳ የጎደለው ነገር ማቅረብ ነውር ነው። ሊጡን ስታቦካ ሦስት ጊዜ ይሆናል እጇ ወደ ጨው ዕቃው ሲሄድ ያየሁት፤ ሦስቱንም ጊዜ በራሷ ተመለሰች።

አሠራሩን ልንገራችሁ። 2 ኩባያ የአጃ ዱቄት፣ ግማሽ ኩባያ ተቀቅሎ የተፈጨ ዱባ፣ 1 እንቁላል፣ 1 የሾርባ ማንኪያ ጨው የሌለው የለውዝ ቅቤ። ዱባውን ከቆርቆሮ የምትጠቀሙ ከሆነ ዱባ ብቻ የሆነውን ነው፤ ለፓይ የተዘጋጀው ስኳርና ቅመም አለበት። እማዬ "እንቁላሉን አንቺ ምቺው" አለችኝ። ሊጡ እጅ ላይ መጣበቅ እስኪያቆም ይታሻል። ከዚያ እንደ ገመድ ይድቦለቦላል፣ እንደ ትንሽ ጣት ቀጠን ብሎ፣ እማዬ በመዳፏ ሰሌዳው ላይ እያንከባለለች አንድ ክንድ ታደርሰዋለች። ገመዶቹን ጎን ለጎን ደርድራ በቢላ ትከትፋቸዋለች፤ ጠቅ ጠቅ ጠቅ፣ ሳታይ። ፍሬዎቹ ሁሉ እኩል ናቸው። እኔ የቆረጥኩት ወዲያው ይለያል። ቡላ በዚህ ጊዜ ሁሉ የወጥ ቤቱ መግቢያ ላይ ተቀምጦ አፍንጫውን ብቻ ያንቀሳቅሳል።

ምጣድ ላይ እየተገላበጠ ሊቆላ ይችላል፣ የመጀመሪያውን እንደዚያ ነው ያደረግነው። አሁን እኔ ኦቨን እጠቀማለሁ፤ በ325 ፋራናይት፣ ወደ 165 ሴንቲግሬድ ነው፣ 25 ደቂቃ፤ ከዚያ አጥፍቼ እዚያው ውስጥ አሳድረዋለሁ። ቀማሹ ቡላ ሆነ፤ እማዬ ጾመኛ ናት፣ አትቀምስም። አንዷን ፍሬ መዳፏ ላይ አድርጋ ጎንበስ አለችለት። በጥንቃቄ፣ በከንፈሩ ብቻ አነሳት። ስትሰበር ጥርሱ መሀል የሰማነው ድምፅ የእውነተኛ ዳቦ ቆሎ ድምፅ ነው።

ያን ጊዜ ግን ተሳስቻለሁ። ሳይቀዘቅዝ ጣሳ ውስጥ ከትቼ ከደንኩት። በ4ኛው ቀን ስከፍተው ሻግቷል። እማዬ አሸተተችውና "ትንፋሹን ሳያወጣ አፈንሽው" አለች። ዱባና እንቁላል ያለበት ነገር እርጥበት ከቀረው ይበላሻል፣ ሻጋታ ደግሞ ውሻንም ይመርዛል። እስኪንኳኳ ካልደረቀ ፍሪጅ ውስጥ አንድ ሳምንት፣ ለረጅም ጊዜ ከሆነ ፍሪዘር።

ይሄ የመድረቅ ነገር አንድ ያነበብኩትን አስታወሰኝ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ጄምስ ስፕራት የሚባል አሜሪካዊ የመብረቅ መከላከያ ሊሸጥ ለንደን ይሄዳል። ወደቡ ላይ ውሾች መርከበኞች የጣሉትን ደረቅ ብስኩት ሲሻሙ አየ ይባላል፤ ከዚያ ነው ከስንዴ፣ ከአትክልትና ከከብት ደም የውሻ ብስኩት ሠርቶ መሸጥ የጀመረው። የመርከበኛው ብስኩት ለወራት ባሕር ላይ እንዳይበላሽ ውኃው ተሟጦ የደረቀ ስንቅ ነበር። ይሄን ለእማዬ ሳወራላት አልደነቃትም። "ታዲያ ዳቦ ቆሎ ምንድን ነው?" አለችኝ። ወታደሩ፣ ነጋዴው፣ ወደ ግሸን የሚሄደው ሰው በአቁማዳ የሚይዘው፣ ያው ስንቅ አይደል? እውነቷን ነው። የውሻ ብስኩት መነሻው የመንገደኛ ምግብ ነው፣ እኛም ስንቅ መሥራት እናውቃለን።

"ውሻ ሥጋ በል ነው፣ እህል ምን ያደርግለታል?" ለምትሉኝ፣ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር በ2013 ስዊድን፣ ኡፕሳላ ያሉ ተመራማሪዎች ያወጡት ጥናት አለ። እህል ውስጥ ያለውን ስታርች የሚፈጭ ኢንዛይም የሚያሠራው ጂን ተኩላ ላይ 2 ቅጂ ሲሆን ውሻ ላይ ከ4 እስከ 30 ይደርሳል። ከሰው ጋር ሲኖር ከሰው እህል ጋር ተላምዷል። እኔ ይሄን ሳነብ ጃክን ነው ያሰብኩት፣ የእንጀራ ትራፊ በልቶ ሌሊቱን ሙሉ ሲጠብቀን።

መጠኑ ላይ ግን ልባችሁ አይራራ። መክሰስ ከዕለት ምግቡ ካሎሪ ከ10 በመቶ አይለፍ። ለቡላ ሳሰላው 50 ካሎሪ ገደማ ነው፣ በእኛ ዳቦ ቆሎ 12 ፍሬ። እማዬ በየጠዋቱ 12 ቆጥራ በሲኒ ታስቀምጥለት ነበር። ሲኒው ባዶ ከሆነ፣ አልቋል። ዓይኑን እያየች "አለቀ" ትለዋለች፣ ይሰማታል።

ግንቦት ላይ ሄደች። ከመሄዷ በፊት አንድ ቀን ሙሉ ጋገረች፣ ፍሪዘሩን ሞላችው። አሁን የእሷ አልቆ የምጋግረው እኔ ነኝ፣ ገመዶቼም ቀጥ ማለት ጀምረዋል። እሑድ እሑድ በቪዲዮ እንደዋወላለን። ስለ ጤናዬ ትጠይቃለች፣ ስለ ሥራዬ ትጠይቃለች፣ ከዚያ "ጥሪው" ትላለች። ጣሳውን አንኳኳለሁ፣ ይመጣል። "ድዱን አሳይኝ" ትለኛለች። ባለፈው እሑድም መነጽሯን አድርጋ ጠበቀች፤ ስልኩን አስጠግቼ፣ ከንፈሩን ቀስ ብዬ ገለጥኩላት። "ትንሽ ወደ ብርሃኑ" አለችኝ። ወደ መስኮቱ ዞርን።

"እሺ" አለች፣ "ሮዝ ነው።"