ድልድዩ ላይ ሦስት ሕግ አለ

እንደምን አመሻችሁ ወገኖቼ። እናቶች፣ አባቶች፣ ከመኪናችሁ ወርዳችሁ በቀጥታ የመጣችሁ ሾፌሮች፣ ሺፍት ቀይራችሁ የመጣችሁ ነርሶች፣ ሁላችሁንም አመሰግናለሁ። ኋላ ያላችሁ ድምፄ ይሰማል? እሺ።

ዛሬ የምንነጋገረው ስለ ሽጉጥ ነው። መጀመሪያ ግን ስለ ቃሉ አንድ ነገር ልበል። የዚህ የአሜሪካ አገር ሕግ «የተደበቀ ሽጉጥ» ብሎ ይጀምራል። በአማርኛ ግን መደበቁ ስሙ ውስጥ አለ። ሸጎጠ፣ ሽጉጥ። አባቴ ምንሽር ነበረው። ከመደቡ በላይ ግድግዳው ላይ ይሰቀላል፣ ሠርግ ሲሆን ትከሻው ላይ ይወጣል፣ አገር ምድሩ ያየዋል። ሽጉጥ የያዘ ሰው ግን በእኛ መንደር ትንሽ ይጠረጠር ነበር። «ምን ሊያደርግ ሸጎጠው?» ይባላል። እዚህ ስመጣ ነገሩ ተገልብጦ አገኘሁት። ሸጉጠህ ከያዝክ ጨዋ ነህ፣ ካሳየህ ሰው ይደነግጣል።

ለምን ዛሬ ተሰበሰብን? ከመካከላችን ሽጉጥ የገዛ ሰው በዝቷል። አልፈርድም። ሌሊት ነዳጅ ማደያ ውስጥ ብቻውን ሒሳብ የሚቀበል ሰው፣ ፓርኪንግ ጋራዥ ውስጥ እስከ ሌሊቱ ስምንት ሰዓት የሚቀመጥ ሰው ምን እንደሚሰማው አውቃለሁ፤ እኔም 11 ዓመት ታክሲ ነድቻለሁ። ሽጉጥ አለኝ። ደብቄ እንድይዘው የቨርጂኒያ ፈቃድም አለኝ። ስለዚህ «ጣሉት» ልላችሁ አልመጣሁም። የመጣሁት ስለ ድልድዩ ልነግራችሁ ነው።

የዊልሰንን ድልድይ ሁላችሁም ታውቁታላችሁ፣ ግማሾቻችሁ ዛሬም ትራፊኩን ስትረግሙ ነው የደረሳችሁት። ከዚህ ከአሌክሳንድሪያ ተነስቶ፣ ፖቶማክን ተሻግሮ ሜሪላንድ ይገባል። መሀሉ ላይ ደግሞ ለሦስት አራት ሰከንድ ያህል የዋና ከተማዋን የዋሽንግተን ዲሲን ወሰን ይነካል። አንድ ድልድይ፣ ሦስት ሕግ።

ፈቃዱን ካገኘሁ ወር ሳይሞላኝ ሜሪላንድ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ለቅሶ ልንደርስ ወጣን። አዲስ ነገር ነውና ጠዋት ወገቤ ላይ አድርጌው፣ ቀኑን ሙሉ ስዞር ውዬ፣ ጭራሽ ረስቼዋለሁ። ባለቤቴ ጥቁር ነጠላዋን ለብሳ አጠገቤ ተቀምጣለች። ድልድዩ መሀል ስንደርስ የመኪናው ቀበቶ ጎኔን ቆረቆረኝ። ያኔ ነው ያስታወስኩት። እጄ መሪው ላይ ደረቀ። ድልድይ ላይ ደግሞ መዞር የለም። «ምን ሆንክ?» አለችኝ። «ምንም» አልኩ። በመስታወት ሳይ ከኋላዬ የፖሊስ መኪና አለ። እኔን ብሎ አልነበረም፣ አልፎኝ ሄደ፣ ግን እስኪያልፈኝ ድረስ የማውቀውን ጸሎት ሁሉ ጨርሻለሁ። ናሽናል ሀርበር መውጫ ላይ ወጣሁና ዞሬ ተመለስኩ። ያ መውጫ እኮ ሜሪላንድ ነው። የቨርጂኒያ ፍርድ ቤት የሰጠኝ ፈቃድ ኪሴ ውስጥ እያለ፣ ለአምስት ደቂቃ ያህል ወንጀለኛ ነበርኩ ማለት ነው። ለቅሶውም ሳይደረስ ቀረ፤ ቤተሰቡ እስከ ዛሬ ምክንያቱን አያውቅም፣ ዛሬ እዚህ ካሉ ይቅርታ።

አሁን ሕጉን ልንገራችሁ፣ አላበዛውም።

ቨርጂኒያ ውስጥ ሽጉጥ ደብቆ ለመያዝ ፈቃድ ያስፈልጋል። የሚሰጠው የምትኖርበት አካባቢ ሰርኪዩት ፍርድ ቤት ነው። 21 ዓመት መሙላት አለብህ፣ ክፍያው ከ50 ዶላር አይበልጥም፣ ፍርድ ቤቱ በ45 ቀን ውስጥ መመለስ አለበት፣ ፈቃዱ 5 ዓመት ያገለግላል። ከ2021 ጀምሮ ኮርሱን በአካል መገኘት ግዴታ ነው፤ ድሮ ሶፋ ላይ ተጋድሞ በኮምፒውተር ይጨረስ ነበር። ሕጉ ግን ስንት ሰዓት ተማር አይልም፣ ተኩሰህ አሳይም አይልም። የእኔ ኮርስ ከምሳ በፊት አለቀ። አንድም ጥይት ሳልተኩስ ሰርተፊኬት ተሰጠኝ። እውነቱን ልንገራችሁ፣ ያኔ ደስ አለኝ፤ አሁን ሳስበው ያሳፍረኛል።

ሜሪላንድ ሌላ ዓለም ነው። እዚያ ሽጉጥ ደበቅከውም አሳየኸውም፣ ወገብህ ላይም ይሁን መኪናህ ውስጥ፣ ይዞ ለመንቀሳቀስ ፈቃድ ይጠየቃል። ፈቃዱን የሚሰጠው የስቴቱ ፖሊስ ነው። የ16 ሰዓት ትምህርት አለው፣ የጣት አሻራ አለው፣ ተኩሰህ የምታልፈው ፈተና አለው። ክፍያው ከ2023ቱ ሕግ ወዲህ 125 ዶላር ሆኗል። እና ዋናው ነገር፣ ሜሪላንድ የሌላ ስቴት ፈቃድ አይቀበልም። የማንንም። ዲሲም አይቀበልም። ዲሲ 18 ሰዓት ያስተምራል፣ ሽጉጡ ራሱ መመዝገብ አለበት፣ ፈቃዱ 2 ዓመት ብቻ ነው። ያለ ፈቃድ ይዘህ ከተገኘህ እስከ 5 ዓመት እስር የሚያስቀጣ ከባድ ወንጀል ነው። ለነዋሪ ያልሆነ ሰውም ሁለቱም ጋ ማመልከት ይቻላል። ቨርጂኒያ እያደረ ዲሲ የሚሠራ፣ ሜሪላንድ ቤተ ክርስቲያን የሚስም ሰው ታዲያ ሦስት ፈቃድ ሊያወጣ ነው። አብዛኞቻችን ደግሞ እንደዚያ ነው የምንኖረው።

አሁን ስለ አክስቴ ልጅ። ዳላስ ነው የሚኖረው። ባለፈው ደወለልኝና «በመኪና ልመጣ ነው፣ መንገዱ ረጅም ነው፣ ዕቃዬን ይዤ ነው የምመጣው» አለኝ። ዕቃ ሲል ገባኝ። «ፈቃድ አለህ?» አልኩት። ሳቀብኝ። «እኛ ጋ እኮ ፈቃድ ቀርቷል!»

ልክ ነው፣ ቴክሳስ ከመስከረም 2021 ጀምሮ 21 ዓመት የሞላው፣ ሽጉጥ እንዳይዝ ያልተከለከለ ሰው ያለ ፈቃድ ይይዛል። ቬርሞንት ድሮም ፈቃድ ጠይቆ አያውቅም። አላስካ በ2003፣ አሪዞና በ2010፣ ጎረቤታችን ዌስት ቨርጂኒያ በ2016፣ ጆርጂያ በ2022፣ ፍሎሪዳ በ2023፣ ሉዊዚያናና ሳውዝ ካሮላይና በ2024 ፈቃዱን አስቀሩ። ከ50ው ስቴት 29ኙ እንዲህ ናቸው። የአክስቴ ልጅ በአርካንሳስና በቴነሲ ሲያልፍ ማንም አይጠይቀውም። ቨርጂኒያ ሲገባ ግን ጨዋታው ይቀየራል። ቨርጂኒያ የቴክሳስን ፈቃድ ትቀበላለች። እሱ ደግሞ የሚያሳየው ፈቃድ የለውም! «አያስፈልግም» ስለተባለ አላወጣማ። ቴክሳስ ግን አሁንም ለፈለገ ሰው ፈቃድ ትሰጣለች፤ ሰው የሚያወጣው አንዱ ምክንያት ይኸው ነው፣ ከስቴቱ ሲወጣ እንዲያገለግለው። ይህን ሳስረዳው ዝም አለ። ከዚያ «ታዲያ ወዴት ላድርገው?» አለኝ። «ቤትህ ቆልፈህበት ና» አልኩት። ቨርጂኒያ ውስጥ መኪናው ውስጥ ክዳን ባለው ነገር ዘግቶ ማስቀመጥ ይችላል፣ ይህን ሕጉ ይፈቅዳል። ግን እኔ ቤት አድሮ በማግስቱ ዲሲ ዘመድ ልጠይቅ ማለቱ አይቀርም፤ አውቀዋለሁ።

በነገራችን ላይ፣ በስቴቶች መካከል ለሚያልፍ መንገደኛ የ1986 የፌዴራል ሕግ አለ። ሽጉጡ ጥይት ሳይጎርስ፣ ተቆልፎ፣ እጅ የማይደርስበት ቦታ፣ ለምሳሌ ትራንክ፣ ማለትም የመኪናው የኋላ ሻንጣ ማስቀመጫ ውስጥ ከሆነ፣ የተነሳህበትም የምትደርስበትም ቦታ ሽጉጡን መያዝ ከተፈቀደልህ፣ ማለፍ ትችላለህ። ማለፍ ብቻ። ክትፎ በልቼ፣ ቡና ጠጥቼ፣ ዘመድ ጠይቄ ልለፍ የሚል አንቀጽ የለበትም።

አንዳንዶቻችሁ «ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ፈቅዷል አይደል?» ስትሉ ሰምቻለሁ። በ2008 ፍርድ ቤቱ ዲሲ ከ1976 ጀምሮ የያዘችውን የሽጉጥ ክልከላ ሻረ፤ ያ ግን ቤት ውስጥ ስለ መያዝ ነበር። ሰኔ 2022 ላይ ደግሞ በኒውዮርክ ጉዳይ 6 ለ 3 ወሰነ። ከዚያ በፊት ኒውዮርክም ሜሪላንድም «ለምን ፈለግከው? ከሌላው ሰው የተለየ ምን ምክንያት አለህ?» ይሉ ነበር። ያ ጥያቄ ቀረ። ፈቃዱ ግን አልቀረም። ኮርስ ተማር፣ አሻራ ስጥ፣ ክፈል ማለት አሁንም ይችላሉ። ፈቃዱን ያስቀሩት 29ኙ ስቴቶች ናቸው፣ በየምክር ቤታቸው፣ በራሳቸው ምርጫ።

አሁን ግሪን ካርድ ያላችሁ ስልኩን ተዉትና ስሙኝ። ለዚህ ስል ነው የቀረውን ሁሉ የተናገርኩት።

ዜጋ የሆነ ሰው ያለ ፈቃድ ሽጉጥ ይዞ ቢያዝ ጠበቃ ይቀጥራል፣ ይቀጣል፣ ምናልባት ይታሰራል፣ ያልፋል። አንተ ግን ሁለተኛ ዳኛ አለብህ፤ ኢሚግሬሽን። የኢሚግሬሽን ሕጉ አንድ አጭር አንቀጽ አለው። ማንኛውንም ሕግ ተላልፎ ሽጉጥ በመግዛት፣ በመሸጥ፣ በመያዝ ወይም ይዞ በመንቀሳቀስ የተፈረደበት የውጭ ዜጋ ከአገር ሊባረር ይችላል ይላል። ማንኛውንም ሕግ ነው የሚለው። ሰው ገደለ፣ ዘረፈ አይልም። የስቴት ሕግ ይበቃል፣ ቀላል ወንጀል ይበቃል። 20 ዓመት ታክስ ከፍለህ፣ ልጆችህ ኮሌጅ ገብተው፣ አንድ ቀን ወገብህ ላይ ረስተኸው ድልድይ በመሻገርህ!

ደግሞ ወጥመዱ እዚህ ጋ ነው። ፍርድ ቤት ትቀርባለህ። «ጥፋተኛ ነኝ በል፣ እስር የለም፣ ጥቂት ጊዜ በፕሮቤሽን፣ ሳትታሰር በቁጥጥር ሥር ትቆያለህ፣ ከዚያ ፋይሉ ይዘጋል» ትባላለህ። ደስ ይልሃል። ለስቴቱ ተዘግቷል። ኢሚግሬሽን ግን ያንን እንደ ፍርድ ሊቆጥረው ይችላል። በ2010 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ የወንጀል ጠበቃ ደንበኛው ሊባረር እንደሚችል የመንገር ግዴታ አለበት ብሏል። ስለዚህ መጀመሪያ «ዜጋ አይደለሁም» በሉት። እያፈራችሁም ቢሆን በሉት። የኢሚግሬሽን ጠበቃ ሳያየው ምንም ነገር ላይ አትፈርሙ።

በተማሪ፣ በጎብኚ ወይም በሥራ ቪዛ ያላችሁ ደግሞ ከጥቂት ልዩ ሁኔታ በስተቀር የፌዴራል ሕጉ ሽጉጡን ጭራሽ እንዳትነኩት ነው የሚለው። ፈቃድ የማይጠይቅ ስቴት ውስጥ መሆናችሁ አያድናችሁም። ሚስቱን እንዳይነካ ፍርድ ቤት ትዕዛዝ ያወጣበት ባል፣ በቤት ውስጥ ጥቃት የተፈረደበት ሰውም እንደዚሁ። ይህን ስል ፊቱን ያዞረ ሰው አይቻለሁ። አላየሁም እሺ።

ለሾፌሮች፦ ኡበርም ሊፍትም መኪናቸው ውስጥ ሽጉጥ አይፈቅዱም፣ ፈቃድ ቢኖርህም። ኤርፖርት ተርሚናል ውስጥ ይዞ መግባት ቨርጂኒያ ውስጥ ወንጀል ነው፤ የአክስትህን ሻንጣ ተሸክመህ ልትሸኛት ስትገባ ወገብህን ዳብስ።

ለሬስቶራንት ቤቶች፦ ቨርጂኒያ ውስጥ ሽጉጥ ደብቆ መጠጥ የሚሸጥ ቤት የገባ ሰው አልኮል መጠጣት አይችልም። አንድ ቢራም። ጠጁንም ሕጉ ያውቀዋል፣ አትሳቁ። ለባለ ሱቆች፦ በራስህ ሱቅ ውስጥ መያዝ ቨርጂኒያም ሜሪላንድም ፈቃድ ሳይጠይቁ ይፈቅዳሉ። ችግሩ የሚጀምረው ሱቁን ቆልፈህ ወደ መኪናህ ስትሄድ ነው። ሜሪላንድ ያላችሁ ደግሞ ቤት ውስጥ ከ18 ዓመት በታች ልጅ ካለ ጥይት የጎረሰ ሽጉጥ ልጁ በሚደርስበት ቦታ መተው ራሱ ወንጀል ነው። ትራስ ሥር ማለት ልጁ የሚደርስበት ቦታ ማለት ነው።

ፖሊስ ሲያስቆማችሁስ? ዲሲ ውስጥ ፈቃድ ያለው ሰው ሽጉጥ መያዙን ራሱ መናገር አለበት። ቨርጂኒያና ሜሪላንድ ሲጠየቅ ፈቃዱን ያሳያል። ሕጉ ይኸው ነው። ግን በ2016 ሚኒሶታ ውስጥ፣ ብዙ ወገኖቻችን ከሚኖሩበት ከሴንት ፖል አጠገብ፣ አንድ ጥቁር ሰው መኪናው ውስጥ ከሴት ጓደኛውና ከትንሽ ልጇ ጋር ተቀምጦ ሽጉጥ እንዳለው በትህትና ለፖሊሱ ተናገረ። ፈቃድ ነበረው። በሰከንዶች ውስጥ በጥይት ተገደለ። ፖሊሱ ተከሶ በነጻ ተለቀቀ። ስለዚህ እኔ ለልጄ ያስተማርኩትን ልንገራችሁ። የመኪናውን መብራት አብራ። ሁለቱንም እጅህን መሪው ላይ አድርግ። «ሽጉጥ» በሚለው ቃል አትጀምር፤ «ፈቃድ አለኝ» በል፣ «ምን ላድርግ?» ብለህ ጠይቅ፣ እስኪነግርህ ድረስ ጣትህን አታንቀሳቅስ። ይህን ከልጄ ጋር ጋራዥ ውስጥ ቆሜ፣ እኔ ፖሊስ ሆኜ፣ ሦስት ጊዜ ተለማምደነዋል። ሦስተኛው ላይ እናቱ በሩን ከፍታ አየችንና አለቀሰች።

ከእኔ ይህን ያህል ይበቃል። ጠበቃዋ እዚህ ፊት ለፊት ተቀምጣለች፣ እስከ ሦስት ሰዓት ትቆያለች፣ ዛሬ ለምክሩ አታስከፍልም። ወረፋ ያዙ። ግሪን ካርድ ያላችሁ ቅድሚያ አላችሁ፣ ዜጎች ቡናውን እየጠጣችሁ ጠብቁ። ሽጉጥ ይዞ የመጣ ካለ ደግሞ፣ ወደ ሜሪላንድ የሚመለስ ከሆነ፣ መኪናውን ከማስነሳቱ በፊት መጀመሪያ እኔን ያናግረኝ።