ከግድግዳው ወጣ ያለ መስኮት፦ ክብደቱን ማን ይሸከማል፣ ውሃውስ በየት ይወርዳል?

(ምስል፦ በዋሽንግተን ዲሲ ተጣብቀው የተሠሩ የጡብ ቤቶች፤ መስኮቶቻቸው ወደ መንገዱ ወጣ ብለዋል።)

ሰላም ለእናንተ ይሁን፣ ውድ ተመልካቾች። በዋሽንግተን ዲሲ አሮጌ ሰፈሮች ስትዘዋወሩ የብዙዎቹ የጡብ ቤቶች ፊት ለጥ ያለ ሳይሆን በመስኮት ወደ ውጭ የወጣ መሆኑን ታያላችሁ። ከተማው እ.ኤ.አ. ከ1870ዎቹ ጀምሮ ባለቤቶች እንዲህ ያለውን መስኮት ከይዞታቸው ወሰን አሳልፈው በሕዝብ ቦታ ላይ እንዲያወጡ ስለፈቀደ፣ ቅርጹ የከተማው መለያ እስከመሆን ደርሷል። በሜሪላንድና በቨርጂንያ የሚኖሩ ብዙ ወገኖቻችን ይህንኑ መስኮት፣ በተለመደ አጠራሩ «ቤይ ዊንዶው»ን፣ በእንጨት በተዋቀረ ቤታቸው ላይ በራሳቸው እጅ መግጠም ይፈልጋሉ። የዛሬው ማብራሪያችን ለእነርሱ ነው። ግድግዳው ከጡብ የተሠራ ከሆነ ግን ከመስኮቱ በላይ ያለውን ጡብ ደግፎ መክፈት የግንበኛ ሙያ ስለሆነ ለባለሙያው እንዲተው እንመክራለን።

ቤይ ዊንዶው አብዛኛውን ጊዜ ሦስት ክፍሎች አሉት። መካከለኛው ሰፊና የማይከፈት መስታወት ሲሆን፣ ሁለቱ የጎን መስኮቶች በ30 ወይም በ45 ዲግሪ ታጥፈው ወደ ግድግዳው ይመለሳሉ፤ በ90 ዲግሪ የሚታጠፍ የሳጥን ቅርጽ ያለውም አለ። ከላይ ራሱን የሚሸፍን፣ ከታች ደግሞ እንደ መደብ የሚዘረጋ ሰሌዳ ተገጥሞለት፣ ሁሉም በአንድነት ተጋጥሞ ከፋብሪካ ይመጣል።

ተራ መስኮት በግድግዳው ውፍረት ውስጥ ስለሚቀመጥ ከሥሩ ያለው እንጨት ይሸከመዋል። ቤይ ዊንዶው ግን አብዛኛው አካሉ ከግድግዳው ውጭ አየር ላይ ነው፤ ክብደቱም በመቶዎች በሚቆጠር ፓውንድ ይለካል። የራሱ ትንሽ ጣሪያና የራሱ ወለል ስላለው መስኮት ከማለት ይልቅ ግድግዳ ላይ የተሰቀለ ትንሽ ክፍል ብንለው ይቀላል። ስለዚህ በሥራው ሁሉ ሁለት ጥያቄዎች አይለዩን፦ ክብደቱን ማን ይሸከማል? ውሃውስ በየት በኩል ይወርዳል? መስታወቱ ያማረ ሆኖ የሥሩ እንጨት በስብሶ የምናገኛቸው መስኮቶች ከሁለቱ አንዱ ሳይመለስ የተገጠሙ ናቸው።

(ምስል፦ የመኖሪያ ቤት ውጫዊ ግድግዳ፤ በላዩ የአግዳሚውና የቋሚዎቹ እንጨቶች ንድፍ ይታያል።)

መጀመሪያ የሚወሰነው የቀዳዳው ስፋት ነው። ነባሩ መስኮት ሰፊ ከሆነና አዲሱ በዚያው ስፋት የሚገባ ከሆነ ሥራው በእጅጉ ይቀላል። ቀዳዳውን ማስፋት ካስፈለገ ግን በግድግዳው ውስጥ በየ16 ኢንቹ የቆሙት እንጨቶች ይቆረጣሉ፤ እነርሱ ይሸከሙት የነበረውም የጣሪያና የላይ ፎቅ ክብደት «ሄደር» ወደሚባለው አግዳሚ ይዛወራል። የሄደሩ መጠን በቀዳዳው ስፋት፣ በላዩ ባሉት ፎቆችና በአካባቢው የበረዶ ክብደት ስለሚወሰን በግምት የሚቆረጥ እንጨት አይደለም። እኛ የምንመክረው፣ ቀዳዳውን የሚያሰፋ ሰው መሐንዲስ ንድፉን እንዲሠራለት አድርጎ የቀረውን ሥራ ራሱ እንዲሠራ ነው። ለመሐንዲሱ የሚከፈለው ገንዘብ በኋላ ከሚሰነጠቅ ግድግዳ ጋር ሲነጻጸር ትንሽ ነው።

የግንባታ ፈቃድም አስቀድሞ መጠየቅ አለበት፤ ሰፈሩ የቤት ባለቤቶች ማኅበር ካለው የማኅበሩ ፈቃድም እንዲሁ። ተቆጣጣሪው ከሚያያቸው ነገሮች ሁለቱን መስኮቱ ከመታዘዙ በፊት ማወቅ ይገባል። የመጀመሪያው የመኝታ ቤት መስኮትን ይመለከታል። አብዛኞቹ ግዛቶች በሚከተሉት የመኖሪያ ቤት ሕግ መሠረት በእሳት ጊዜ ሰው ሊወጣበት የሚችል 5.7 ካሬ ጫማ ክፍት ቦታ ያስፈልጋል፤ የክፍቱ ታችኛ ጠርዝም ከወለሉ ከ44 ኢንች በላይ መሆን የለበትም። መካከለኛው መስታወት ስለማይከፈት ይህን መስፈርት ማሟላት ያለበት ከጎን መስኮቶች አንዱ ነው፤ ጠባብ የጎን መስኮት ያዘዘ ሰው መስኮቱ ከመጣ በኋላ መስፈርቱን እንደማያሟላ ሊያውቅ ይችላል። ሁለተኛው የመስታወቱ ዓይነት ነው። ከ9 ካሬ ጫማ የሚበልጥ፣ ታችኛ ጠርዙ ከወለል ከ18 ኢንች ያነሰ፣ ላይኛ ጠርዙ ከ36 ኢንች የበለጠና ሰው ከሚራመድበት ቦታ በ36 ኢንች ርቀት ውስጥ ያለ መስታወት፣ ሲሰበር እንዳይቆርጥ ተደርጎ የተሠራ የደኅንነት መስታወት መሆን አለበት።

ቤቱ እ.ኤ.አ. ከ1978 በፊት የተሠራ ከሆነ የመስኮቱ አሮጌ ቀለም እርሳስ ሊኖርበት ይችላል። የፌዴራሉ መንግሥት የዕድሳት ደንብ የሚያስገድደው በክፍያ የሚሠሩ ባለሙያዎችን ነው፤ በገዛ ቤታቸው የሚሠሩ ባለቤቶችን አይመለከትም። አቧራው ግን ይህን ልዩነት አያውቅም፤ በተለይ ለሕፃናት አእምሮ እጅግ ጎጂ ነው። ስለዚህ አስቀድሞ ማስመርመር፣ ክፍሉን በፕላስቲክ መዝጋት፣ ቀለሙን በደረቁ አለመፋቅ፣ ልጆችንም ሥራው ተጠናቅቆ ቤቱ እስኪጸዳ ድረስ ከዚያ ማራቅ ያስፈልጋል።

(ምስል፦ ከግድግዳው በስተውስጥ የቆመ ጊዜያዊ የእንጨት ድጋፍ።)

አሁን ወደ ሥራው እንግባ። ቀዳዳው የሚሰፋ ከሆነ አንድም ቋሚ ከመቆረጡ በፊት ከግድግዳው ወደ ውስጥ ሁለት ወይም ሦስት ጫማ ራቅ ብሎ ጊዜያዊ የእንጨት ግድግዳ ይቆማል፤ አገር ቤት ኮርኒስ ሥር እንደሚደረደር ፑንቴሎ ማለት ነው። ሄደሩ ገብቶ ክብደቱን እስኪረከብ ድረስ ይህ ድጋፍ አይነቀልም። በግድግዳው ውስጥ የኤሌክትሪክ ሽቦ ሊኖር ስለሚችል ድራይዎሉ፣ ማለትም የግድግዳው የውስጥ ሰሌዳ፣ ከመቀደዱ በፊት መብራቱ ከዋናው ሳጥን ይጥፋ። ቀዳዳው ከተዘጋጀ በኋላ የታችኛው እንጨት በውሃ ልክ፣ ጎኖቹ በቱንቢ ይለካሉ፤ ከማዕዘን ወደ ማዕዘን በሜትር የሚለኩት ሁለት ሰያፍ ርቀቶችም እኩል መሆን አለባቸው።

ቀጥሎ መስኮቱ ከመነሣቱ በፊት ለውሃው መንገድ ይበጃል። በቀዳዳው ደፍ ላይ ወደ ውጭ ያዘነበለ፣ በስተውስጥ ጠርዙ ከፍ ያለ ውሃ ተቀባይ ይነጠፋል፤ ዓላማውም በመስኮቱ ሥር የሚያልፍ ውሃ ወደ ቤት ሳይሆን ወደ ደጅ እንዲፈስ ነው። ውሃ የማያሳልፈው ማጣበቂያ፣ ማለትም ፍላሺንግ ቴፕ፣ የጣሪያ ቆርቆሮ በሚደራረብበት ሥርዓት ይለጠፋል፦ መጀመሪያ የታችኛው፣ ቀጥሎ በእርሱ ላይ የጎኖቹ፣ በመጨረሻ በጎኖቹ ላይ የላዩ። የመስኮቱ ታችኛ ክንፍ፣ ማለትም ግድግዳው ላይ የሚያርፈው ጠርዙ፣ ግን በቴፕ አይታሸግም፤ ከታሸገ የገባው ውሃ መውጫ ያጣል። ይህን ቅደም ተከተል አዛብቶ ጎኑን ቀድሞ የለጠፈ ሰው ዝናቡን በገዛ እጁ ወደ እንጨቱ ይመራዋል፤ ጉዳቱም የሚታየው ከዓመታት በኋላ ስለሆነ ስሕተቱን በጊዜው የሚነግረው የለም።

(ምስል፦ አራት ሰዎች መስኮቱን ሲያነሡ፤ ከውጭ በኩል ጠንካራ የእንጨት እግሮች ቆመዋል።)

መስኮቱን ለማንሣት ቢያንስ ሦስት፣ ቢቻል አራት ሰዎች ያስፈልጋሉ። ከውጭ በኩል የሚያርፍበት ጠንካራ ድጋፍ አስቀድሞ ይቁም። መስኮቱ ቀዳዳው ውስጥ እንደገባ ከሥሩና ከጎኖቹ ሽብልቅ እየተደረገ ይስተካከላል፤ በተለይ የጎንና የመካከል መስታወቶች በሚገናኙባቸው ቦታዎች ሥር ሽብልቅ ሊጎድል አይገባም። የታችኛው ሰሌዳ ከግራ ወደ ቀኝ ብቻ ሳይሆን ከውስጥ ወደ ውጭም በውሃ ልክ መለካት አለበት። ብሎኖቹ ሙሉ በሙሉ የሚጠብቁት የጎን መስኮቶቹ ተከፍተውና ተዘግተው ሳይጎርብጡ መሄዳቸው ከተረጋገጠ በኋላ ነው።

ክብደቱን በዘላቂነት የሚሸከሙት አብዛኛውን ጊዜ ሁለት የብረት ገመዶች ናቸው። በመስታወቶቹ መጋጠሚያ ውስጥ አልፈው ከታችኛው ሰሌዳ ይነሡና ከመስኮቱ በላይ ባለው ጠንካራ እንጨት ላይ ይታሰራሉ፤ ከሰሌዳው ሥር ያለው ብሎን ሲዞር ገመዱ ይወጠራል፣ የመስኮቱም ፊት ከፍ ይላል። ገመዱ በሳይዲንግ፣ ማለትም በግድግዳው የውጭ ልባስ፣ ወይም በቀጭን ሰሌዳ ላይ ፈጽሞ አይታሰርም። አንዳንድ አምራቾች በገመድ ፋንታ ወይም ከገመድ ጋር ከሥር የሚደግፉ ሰያፍ እግሮችን ይጠይቃሉ፤ የእነርሱ መመሪያ መከበር አለበት፣ ካልሆነ ዋስትናው ሊቀር ይችላል። የታችኛው ሰሌዳ መደብ ቢመስልም ሰው እንዲቀመጥበት የታሰበ መሆኑ በመመሪያው ካልተጻፈ ለአበባ ማስቀመጫ ብቻ ይዋል። ገመዱ ተወጥሮ ደረጃው ዳግመኛ በውሃ ልክ ሳይረጋገጥ የውጭ ድጋፉ አይነሣ።

ጣሪያውን በተመለከተ፣ መስኮቱ ከቤቱ ጣሪያ ክፈፍ ሥር ተጠግቶ ከገባ ሥራው አጭር ነው። ካልሆነ ተዳፋት ያለው ትንሽ ጣሪያ ይሠራለታል፤ ጣሪያው ከግድግዳው ጋር በሚገናኝበት ቦታ የሚታጠፈው ላሜራም ከሳይዲንጉና ከግድግዳው ውሃ መከላከያ ሽፋን በስተኋላ መግባት አለበት። በላሜራው ፊት ሲልከን መቀባት ይህን ሥራ አይተካም።

ብዙዎች የሚዘነጉት ቅዝቃዜውን ነው። የታችኛው ሰሌዳ ሥሩ ደጅ ስለሆነ በጥር ወር እጅ ሲያርፍበት እንደ በረዶ ይሆናል፤ የክፍሉ እርጥበትም በላዩ ላይ ጤዛ ይሠራል። ስለዚህ ከሥሩ ጠጣር የፎም ሰሌዳ ይለጠፋል፣ ጠርዙ ሁሉ ይታሸጋል፣ ከዚያም በፕላይዉድ ይሸፈናል፤ በትንሹ ጣሪያ ውስጥ ያለው ባዶ ቦታም እንዲሁ ሙቀት በሚይዝ ነገር ይሞላል። በመስኮቱና በግድግዳው መካከል ለሚቀረው ክፍተት ለመስኮት ተብሎ የተሠራውን፣ ብዙ የማይነፋውን ፎም ተጠቀሙ። ኃይለኛው ፎም ክፈፉን ወደ ውስጥ ስለሚገፋ መስኮቱ አልከፈትም ሊል ይችላል።

(ምስል፦ አንድ ሰው ከውጭ በጎማ ውሃ ሲያርከፈክፍ፣ ሌላው ከውስጥ በባትሪ ሲመለከት።)

የውስጡ ክፈፍ ከመመታቱ በፊት መስኮቱ በውሃ ይፈተን። አንድ ሰው ከውጭ ከታች ጀምሮ፣ በየደረጃው ጥቂት ደቂቃ እየቆየ ወደ ላይ ያርከፍክፍ፤ ሌላው ከውስጥ ባትሪ ይዞ ማዕዘኖቹን ይመልከት። ከላይ ከተጀመረ ውሃው በሁሉም ቦታ ስለሚወርድ የገባበት ስፍራ አይለይም፤ ከታች ሲጀመር ግን ጠብታው በታየ ጊዜ ጎማው የደረሰበት ከፍታ ቀዳዳውን ያመለክታል። ያ ቦታ ተከፍቶ፣ ተስተካክሎና ዳግመኛ ተፈትኖ ሲደርቅ ድራይዎሉና የውስጡ ክፈፍ ይመለሳሉ።