አደጋው ከመግቢያው ሳይሆን ከመመለሻው ነው

ክቡራትና ክቡራን፣ ውድ ወጣት ደራስያን፤

ዛሬ እንድናገር የተጋበዝኩት በምናብ ዓለም ውስጥ ስላሉ አደገኛ ቦታዎች ነው። ዘንዶ የሚጠብቀውን ዋሻና ጋኔን የሰፈረበትን ጫካ ለሌሎች ተናጋሪዎች ትቼ ከሁሉም የከፋውን መርጫለሁ፤ ጊዜ በሌላ ሕግ የሚሄድበትን ቦታ። ዘንዶ የገጠመው ሰው ቢያንስ ጠላቱን ያያል። እዚህ የገባ ግን አንድ ጭረት ሳይነካው፣ አርፎና ጠግቦ ይወጣል። ምን እንደተወሰደበት የሚያውቀው የገዛ ደጁን አንኳኩቶ የማያውቀው ሰው ሲከፍትለት ነው።

ይህ ቦታ ለእኛ እንግዳ አይደለም። ኢትዮጵያዊውን አቤሜሌክን አስታውሱ። ነቢዩ ኤርምያስ ጭቃ ጉድጓድ ውስጥ በተጣለ ጊዜ ንጉሡን ለምኖ ያወጣው እርሱ ነው፤ ያውም ገመዱ ብብቱን እንዳይቆርጠው አሮጌ ጨርቅ አብሮ እየላከለት። ተረፈ ባሮክ የተባለው ጥንታዊ መጽሐፍ እንደሚተርከው፣ ኢየሩሳሌም ልትጠፋ ስትል ይህ ደግ ሰው ጥፋቷን እንዳያይ በለስ እንዲያመጣ ወደ አግሪጳ የወይን ቦታ ተላከ። ሲመለስ ፀሐዩ በረታበትና ዛፍ ጥላ ሥር አረፈ፤ የበለሱን ቅርጫት ተንተርሶም እንቅልፍ ወሰደው። ሲነቃ ራሱ ከብዶታል፤ እንቅልፉንም አልጠገበም። ቅርጫቱን ቢገልጥ የበለሱ ወተት ገና ይንጠባጠባል። ስለዚህ ጥቂት ያሸለበ መስሎት ወደ ከተማው ገሰገሰ።

ከተማውን አላወቀውም። ቤቱን ፈለገ፣ አጣው፤ ዘመዶቹን ፈለገ፣ አንድም አላገኘም። መንገድ የሳተ መስሎት ከከተማው ወጣ፤ ምልክቶቹን ሲያይ ግን ከተማው ያው ነው። በመጨረሻ ያገኛቸው አንድ ሽማግሌ ሕዝቡ ወደ ባቢሎን ከተማረከ 66 ዓመት እንደሆነው ነገሩት። አላመናቸውም፤ በለሱን አሳያቸው። እርሳቸው ደግሞ እርሻውን አሳዩት፤ ወቅቱ የበለስ ወቅት አልነበረም።

ይህን ትረካ በጥንቃቄ እንድታጠኑት እለምናችኋለሁ። 66 የሚለው ቁጥር ብቻውን ማንንም አያስደነግጥም። የሚያስደነግጠው ያለወቅቱ ትኩስ የሆነው በለስ ነው። በኤፌሶን ዋሻ ስለተኙት ወጣቶች በሚነገረው ታሪክም ይኸው አለ። ከሮሙ ንጉሥ ከዳክዮስ ስደት ሸሽተው የተኙት ከብዙ ዘመን በኋላ በነገሠው በቴዎዶስዮስ ዘመን ሲነቁ፣ አንዱ እንጀራ ሊገዛ ወርዶ ያወጣው ገንዘብ የሞተ ንጉሥ ገንዘብ ሆኖ ተገኘ። ሙስሊም ወንድሞቻችንና እህቶቻችን አስሐቡል ካህፍ የሚሏቸው እነዚሁ ናቸው፤ ቁርኣን በዋሻው የቆዩበትን ዘመን 309 ዓመት ይለዋል። የጃፓኑ ዓሣ አጥማጅ ኡራሺማ ታሮ በባሕር ሥር ቤተ መንግሥት ሦስት ዓመት ተቀምጦ ሲመለስ በመንደሩ 300 ዓመት አልፏል፤ እንዳይከፍተው የተነገረውን ሣጥን ሲከፍት ያ ሁሉ ዕድሜ በአንድ ጊዜ ወረደበት። በለስ፣ ገንዘብ፣ ሣጥን፤ ጊዜን በእጅ የሚዳሰስ ያደረጉት እነዚህ ናቸው።

ሕጉንም አክብሩ። እውነተኛው ዓለም እንኳ በዚህ ነገር ሕግ አለው። የጂፒኤስ ሳተላይቶች ሰዓት ከምድሩ ሰዓት በቀን 38 ማይክሮ ሰከንድ ያህል ይቀድማል፤ ባይታረም ኖሮ አቅጣጫ የሚነግረን መሣሪያ በአንድ ቀን ውስጥ በኪሎ ሜትሮች ይሳሳት ነበር። በምናብ ዓለማችሁ የውስጡ አንድ ቀን የውጭው አንድ ዓመት ከሆነ፣ ጀግናው ስለተቸገረ ብቻ ሕጉን አታላሉለት። ያን ጊዜ ቦታው አደገኛ መሆኑ ይቀራል።

አሁን ወደ መጣሁበት ጉዳይ ልግባ። እነዚህ ትረካዎች ሁሉ የገባውን ሰው ይከተላሉ። ውጭ የቀሩትን ማን ጻፈላቸው? አቤሜሌክ በለስ ሊያመጣ ወጥቶ በዚያው ሲቀር ቤተሰቡ እንዴት አመሸ? ከሕዝቡ ጋር ተማርከው ወደ ባቢሎን የሄዱት ዘመዶቹ ስሙን ለልጆቻቸው ነገሩ ወይስ ዝም አሉ?

ይህን የሚጽፍ ሰው ከእኛ መካከል ሊወጣ ይገባል ብዬ አምናለሁ። በዋልድባ ገዳም ከሰው ዓይን የተሰወሩ ቅዱሳን አሉ ብሎ የሚያምን፣ ሞት ለማይደርስበት ስውር አገር ብሔረ ሕያዋን የሚል ስም በቋንቋው ያለው ሕዝብ ነን። ከዚያም በላይ መጠበቅን እናውቃለን። በበረሃና በባሕር ወጥቶ ድምፁ የጠፋ ልጅ ያላት እናት እርሟን ለማውጣት እጇ አይነሣላትም። ብታወጣ ልጇን በገዛ እጇ የገደለችው ይመስላታል፤ ባታወጣ ደግሞ ኀዘኑ ደጅ ላይ ቆሞ ይኖራል።

እስቲ ይህን አስቡ። አንድ ወጣት የጠፋች ጥጃ ተከትሎ ወደዚያ ቦታ ገባ። ቤተሰቡ ፈለገ፣ አስፈለገ፤ ከብዙ ዓመት በኋላ እርሙን አወጣ፤ ተዝካሩን ደገሰ፤ መሬቱን ተካፈለ፤ ሚስቱም ሌላ አገባች። አንድ ቀን ማታ ጥጃዋን እየነዳ መጣ፤ ለእርሱ ያው የወጣበት ቀን ነው፤ እራቱ አልቀረበም ብሎ ይቆጣል። የሚከፍትለት ማን ነው? በሩ ላይ የምትቆመው ሴት ልጁ ናት፤ በዕድሜ ግን ትበልጠዋለች። አንቱ ትበለው ወይስ አንተ? የደገሱት ጎረቤቶችስ ዓይኑን እንዴት ያዩታል?

ከመካከላችሁ ይህን ታሪክ ከሴት ልጁ ወገን ሆኖ የሚጽፍልን ካለ፣ የመጀመሪያ አንባቢው ለመሆን ቃል እገባለሁ።

አመሰግናለሁ።